ጨዋታው ለምን በአገር ውስጥ ቴሌቪዥን አይታይም? ዲኤስቲቪ፣ ኳስ ቤት፣ ዲሽ ወይስ ስልክ

ቅዳሜ ምሽት አባቴ ሪሞቱን ይዞ ቻናሎቹን አንድ በአንድ ያልፋቸዋል። ዜና፣ ድራማ፣ ሙዚቃ፣ እንደገና ዜና። ኳስ የለም። «ይሄ ሁሉ ጣቢያ እያለ ጨዋታውን የሚያሳይ አንድ ይጥፋ?» ይለኛል። አባቴ ሰባ ዓመት አልፎታል። ጉልበቱን ያመዋል፣ ኳስ ቤት ሄዶ አግዳሚ ላይ ሁለት ሰዓት መቀመጥ አይችልም። እኔም ለብዙ ጊዜ «እዚህ አገር እንዲህ ነው» እያልኩ አልፌው ነበር። በኋላ ለእሱ ስል ነገሩን ከሥሩ ተከታተልኩት፣ ያሉትን አማራጮች በሙሉ ሞከርኩ፣ ያለ አግባብ ያወጣሁት ገንዘብም አለ። እናንተ እንዳትደግሙት ያየሁትን ልንገራችሁ።

መጀመሪያ «ለምን» የሚለውን እንጨርስ፣ ምክንያቱን ሳያውቁ አማራጭ መምረጥ ስለማይቻል።

የአገራችን ጣቢያዎች ጨዋታውን የማያሳዩት ስላልፈለጉ ወይም ስላቃታቸው አይደለም። መብቱ የእነሱ አይደለም። የእንግሊዝ ፕሪሚየር ሊግ ጨዋታውን ለዓለም ሁሉ በአንድ ጊዜ አይሸጥም። ዓለምን ይከፋፍልና ለእያንዳንዱ ክፍል ለየብቻ ይሸጣል። እኛ ያለነው ከሰሃራ በታች ያለው አፍሪካ በሚባለው ክፍል ውስጥ ነው። በዚህ ክፍል የፕሪሚየር ሊጉም የሻምፒዮንስ ሊጉም የክፍያ ቴሌቪዥን መብት ለዓመታት በሱፐርስፖርት እጅ ቆይቷል። ሱፐርስፖርት የስፖርት ቻናሎች ስም ነው፣ ባለቤቱ መልቲቾይስ የተባለው የደቡብ አፍሪካ ድርጅት ነው፣ በየወሩ ተከፍሎ በሳተላይት የሚታየው ዲኤስቲቪም የመልቲቾይስ ነው። ያን ሁሉ ገንዘብ የከፈለው ብቻውን ለማሳየት ነው። ሌላው በነጻ ካሳየው እኛ በየወሩ ለምን እንከፍላለን? ጉዳዩ ይኸው ነው።

ይህ ንግድ ቀላል እንዳልሆነም ታይቷል። ጂቲቪ የሚባለውን የክፍያ ቴሌቪዥን የምታስታውሱ ትኖራላችሁ። እ.ኤ.አ. በ2007 አብዛኛውን የፕሪሚየር ሊግ ጨዋታ በአፍሪካ የማሳየት መብት ይዞ ብቅ አለ፣ በ2009 መጀመሪያ ላይ በአንድ ቀን ተዘጋ፣ ደንበኞቹም ዲኮደራቸውን ታቅፈው ቀሩ።

የስፖርት ፕሮግራሞቻችን ስለ ጎሉ እያወሩ ጎሉን የማያሳዩትም በዚሁ ምክንያት ነው። የግማሽ ደቂቃ ቪዲዮ እንኳን ባለቤት አለው። ስለዚህ ፎቶ ይደረድራሉ፣ ወይም የድሮ ምስል ያስገባሉ። ጋዜጠኞቹን ከመውቀሳችን በፊት ይህን ማወቅ ጥሩ ነው።

የእኔን ልብ የሚሰብረው ግን የእንግሊዙ አይደለም፣ የራሳችን ሊግ ነው። እ.ኤ.አ. በ2020 የኢትዮጵያ ፕሪሚየር ሊግ የስርጭት መብት ለአምስት ዓመት ለመልቲቾይስ ተሸጠ፣ የውሉ ዋጋም 68 ሚሊዮን ዶላር ተብሎ ተነገረ። ለክለቦቻችን ትልቅ ገንዘብ ነበር፣ የምስሉ ጥራትም ከዚያ በፊት ካየነው ጋር አይወዳደርም። ይህን አልክድም። ነገር ግን በዚያው በመጀመሪያው ዓመት ውድድሩ በየክለቡ ሜዳ መካሄዱ ቀርቶ በአዲስ አበባ፣ በጅማ፣ በባሕር ዳር፣ በድሬዳዋና በሐዋሳ ተራ በተራ ሆነ። ዋንጫውን ያነሳው የጎንደሩ ፋሲል ከነማ ነው። ጎንደር ከአምስቱ ከተሞች ውስጥ የለችም። ስለዚህ የጎንደር ደጋፊ ክለቡ ሻምፒዮን በሆነበት ዓመት ቡድኑን በሜዳው ማየት አልቻለም። በቴሌቪዥን ለማየት ደግሞ ወይ ዲኤስቲቪ ቤቱ ማስገባት ወይ ኳስ ቤት መክፈል ነበረበት። የአገር ሊግ ቢያንስ በሳምንት አንድ ጨዋታ ለሁሉም ክፍት መሆን አለበት ብዬ አምናለሁ። ውል ሲፈረም ይህን ማስገባት ይቻላል።

ባለመብቱ ራሱ የሚቸገርበት ጊዜም አለ። በ2024 መጀመሪያ በኮትዲቯር በተካሄደው የአፍሪካ ዋንጫ መብቱን የያዘው የቶጎው ኒው ወርልድ ቲቪ ነበር። ዲኤስቲቪ መጀመሪያ አላሳይም አለ፣ ውድድሩ ሊጀመር ጥቂት ቀን ሲቀረው ተስማሙና አሳየ። ስለዚህ «ዲኤስቲቪ ካለኝ ሁሉም አለኝ» ማለት አይቻልም። ውድድሩ ሲቀየር ባለመብቱም ሊቀየር ይችላል።

ይህ የእኛ ብቻ ችግር ደግሞ አይምሰላችሁ። ለንደን ያለው የአክስቴ ልጅ ቅዳሜ በለንደን ሰዓት ከቀትር በኋላ 9 ሰዓት ላይ የሚጀመረውን ጨዋታ በቀጥታ በቴሌቪዥን ማየት አይችልም። እንግሊዝ ውስጥ ቅዳሜ ከ8:45 እስከ 11:15 በቀጥታ ማሳየት ክልክል ነው። ሰው ቤቱ ቁጭ ብሎ የታችኛው ዲቪዚዮን ስታዲየሞች ባዶ እንዳይቀሩ እ.ኤ.አ. በ1960ዎቹ የመጣ ልማድ ነው። ያንኑ ጨዋታ እኛ አዲስ አበባ ሆነን እናየዋለን፣ በእነሱ ክረምት በ12 ሰዓት፣ በበጋቸው በ11 ሰዓት። ደውሎ «ስንት ስንት ሆኑ?» ብሎ የሚጠይቀኝ እሱ ነው።

አሁን ወደ ምርጫው።

ቤት ውስጥ ዲኤስቲቪ ማስገባት። ለአባቴ በመጨረሻ የመረጥኩት ይህን ነው፣ ግን ለሁሉም ሰው ይሆናል አልልም። ጥቅሙ ግልጽ ነው። ጥራቱ አስተማማኝ ነው፣ ኢንተርኔት አይፈልግም፣ ቤተሰብ በሙሉ ያያል። ሱፐርስፖርት ልዩ የሚባለው ቻናል በአማርኛ ስለሚያስተላልፍ እንግሊዝኛ የማይከታተል ሰው ጨዋታውን እኩል ይረዳዋል። አባቴ የኮሜንታተሩን ድምፅ ሲሰማ ፊቱ ይበራል። ለእኔ ይህ ብቻ የወሩን ክፍያ ያካክሳል።

ወጥመዱ ፓኬጁ ላይ ነው። ጎጆ፣ ቤተሰብ፣ ሜዳ፣ ሜዳ ፕላስ፣ ፕሪሚየም እያለ ይሄዳል። ሰው ርካሹን ይገዛና ትልቁ ጨዋታ ሲመጣ ቻናሉ እሱ የከፈለው ውስጥ የለም። እኔም የመጀመሪያ ወር የደረሰብኝ ይኸው ነው። የሸጠልኝ ልጅ «ኳስ አለው» አለኝ፣ እኔም ሌላ ሳልጠይቅ ከፈልኩ፣ እሁድ ዕለት የምንጠብቀው ጨዋታ ከፍ ባለው ፓኬጅ ላይ ብቻ ሆነ። ስለዚህ «ኳስ አለው ወይ?» ብላችሁ አትጠይቁ። የምትደግፉትን ክለብና የምትከታተሉትን ውድድር ስም ጠርታችሁ፣ ባለፈው ሳምንት በየትኛው ቻናል ቁጥር እንደታየ አረጋግጡና ያ ቻናል በየትኛው ፓኬጅ ውስጥ እንዳለ ጠይቁ።

ሁለተኛ ነገር። በመስከረም 2025 እ.ኤ.አ. የፈረንሳዩ ካናል ፕላስ መልቲቾይስን በእጁ አስገብቷል። ባለቤት ሲቀየር ፓኬጅም ዋጋም ሊነካ ይችላል። ስለዚህ ለጊዜው የብዙ ወር ክፍያ በአንድ ጊዜ ከመክፈል ወር በወር መሄዱ ይሻላል ባይ ነኝ። ሊጉ ከግንቦት በኋላ እስከ ነሐሴ ስለሚዘጋ በእነዚያ ወራት ዝቅ ማድረግ ወይም ማቋረጥም ይቻላል። ብዙ ሰው ይህን ይረሳውና ኳስ በሌለበት ክረምት የኳስ ዋጋ ይከፍላል።

ሊጉ የሚከፈተው ደግሞ ክረምቱ ሳይወጣ ነው። ከባድ ዝናብ ሲመጣ ሲግናል ይጠፋል። ስክሪኑ ላይ ኢ48 ብሎ የሚጀምር ቁጥር ካያችሁ ችግሩ ሲግናሉ ነው፦ ዝናብ፣ የተነቀለ ገመድ ወይም የተንቀሳቀሰ ሰሃን። ኢ16 ካለ ግን የክፍያ ወይም የፓኬጅ ጉዳይ ነውና ጣሪያ ላይ አትውጡ። ከፍላችሁም ካልተከፈተ ዲኮደሩ በርቶ እያለ አገልግሎቱ እንደገና እንዲላክላችሁ ጠይቁ። ይህን ሳላውቅ ለቴክኒሻን ከፍዬ አውቃለሁ። መጣ፣ ምንም ሳይነካ ተከፈተ፣ ገንዘቡን ተቀብሎ ሄደ።

ኳስ ቤት። አብዛኞቻችን ያደግነው እዚያ ነው። መግቢያው ትንሽ ነው፣ መብራት ሲጠፋ ጄኔሬተር ያለው አለ፣ ጎል ሲገባ ደግሞ ያ ጩኸት በየትም አይገኝም። ብቻውን ለሚኖር፣ በወር ሦስት አራት ጨዋታ ብቻ ለሚያይ ሰው ከዚህ የተሻለ የለም። ሒሳቡ ቀላል ነው። የምትፈልጉትን ፓኬጅ የወር ክፍያ አንድ ጨዋታ ለማየት ከቤት ስትወጡ ለምታወጡት አካፍሉት። መግቢያውን ብቻ ሳይሆን ሻዩን፣ ለስላሳውን፣ ታክሲውን ጨምሩበት። የሚመጣው ቁጥር በወር ከምታዩት ጨዋታ ከበለጠ ኳስ ቤት ሂዱ። ካነሰ ቤታችሁ አስገቡ። ቤት ውስጥ ሁለት ሦስት ተመልካች ካለ ሒሳቡ ወዲያው ይገለበጣል።

ግን ገንዘብ ብቻ አይደለም። እህቴ ከእኔ በላይ ኳስ ታውቃለች፣ የኢትዮጵያ ቡና ደጋፊ ናት። አንድ ቀን ሰፈር ውስጥ ያለ ኳስ ቤት ይዣት ሄድኩ። ግማሹ ጨዋታ ሳያልቅ ወጣን፣ የሚወረወረው ቃል የሚሰማ አልነበረም። አሁን ከጓደኞቿ ጋር ስክሪን ያለው ካፌ ትሄዳለች፣ ለአንድ ማኪያቶ ከመግቢያው እጥፍ እየከፈለች። ኳስ ቤት ያላችሁ ሰዎች ይህን ብታነቡ ደስ ይለኛል። ሴቶች ኳስ አይወዱም አትበሉ፣ የሚቀመጡበት ቦታ አዘጋጁላቸው፣ የሚሳደበውን አስወጡ። ደንበኛ ታገኛላችሁ። ልጆችን በተመለከተ ደግሞ፣ ብዙ ቦታ ኳስ ቤትና የውርርድ ቤት ጎን ለጎን ናቸው፣ እንዲያውም አንዳንዱ አንድ በር ነው። የ14 ዓመት ልጅ ኳስ ሊያይ ገብቶ ቲኬት ቆርጦ ሲወጣ በዓይኔ አይቻለሁ። ልጅ ያላችሁ ይህን ከሒሳቡ ውስጥ አስገቡት።

ማሳያ ቤት መክፈት የምታስቡም ካላችሁ፣ ለመኖሪያ ቤት የሚሸጠው የዲኤስቲቪ ካርድ ለንግድ አይሆንም። ለሆቴልና ለመዝናኛ ቤት የተለየ ውል አለው። ሳይጀመር መጠየቅ ይሻላል።

የተራ ዲሽ። «ዲሽ አለኝ፣ ለምን አይመጣም?» የሚል ጥያቄ ብዙ እሰማለሁ። ዲሹ የሚያየው የዞረበትን ሳተላይት ብቻ ነው። የአገር ውስጥ ጣቢያዎች የተሰባሰቡበት ኢትዮሳት በ57 ዲግሪ ምሥራቅ ነው። ናይልሳት በ7 ዲግሪ ምዕራብ፣ ዓረብሳት በ26 ምሥራቅ። ዲኤስቲቪ በ36 ምሥራቅ ነው፣ እኛ አገር ከአናታችን በላይ ነው ማለት ይቻላል። ስለዚህ አንዱ ሰሃን ወደ ምሥራቅ ያዘነብላል፣ ሌላው ወደ ምዕራብ፣ ሌላው ወደ ላይ ቀና ይላል። አንድ ሰሃን ሁሉንም ያመጣል የሚላችሁን አትመኑ። ዲሹ በትክክል ቢዞርም ትላልቆቹ የስፖርት ቻናሎች የተቆለፉ ናቸው። ቤን ስፖርት ለመካከለኛው ምሥራቅና ለሰሜን አፍሪካ የተሸጠ መብት ነው፣ ናይልሳት ላይ ስሙ ታየ ማለት ይከፈታል ማለት አይደለም።

ከዚያ የሚመጣው «ቁልፍ አስገባልሃለሁ» የሚለው ሰው ነው። የአንዳንድ የውጭ ጣቢያዎችን ቁልፍ ቁጥር በቴሌግራም የሚለቁ አሉ፣ «ሰርቨር» ብለው የተቆለፉ ቻናሎችን በኢንተርኔት የሚከፍት አገልግሎት ለስድስት ወር ወይም ለዓመት የሚሸጡም አሉ። እኔ አንዴ ሰርቨር ገዝቻለሁ፣ አልደብቅም። ሦስት ሳምንት ሠራ። ደርቢ በተጫወቱበት ቀን በ20ኛው ደቂቃ ቀጥ አለ፣ የሸጠልኝ ሰው ስልኩን አያነሳም። ከዚያ ወዲህ ትቼዋለሁ። ሕገወጥ ነው። በቅጂና ተዛማጅ መብቶች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 410/1996 የብሮድካስት ድርጅት ስርጭትም ጥበቃ አለው። ከሕጉ ባሻገር ደግሞ የሚቋረጠው ሁልጊዜ ትልቁ ጨዋታ ላይ ነው፣ ባለመብቶቹ አጥብቀው የሚያሳድዱት ያን ቀን ነውና። ስትጎዱም ለማን አቤት ትላላችሁ?

ዲሽ ለምን ይጠቅማል ታዲያ? መብቱ በነጻ ለሚታይ ጣቢያ ለተሸጠ ውድድር ይጠቅማል። የዓለም ዋንጫን በአገር ውስጥ ጣቢያ ያየንበት ጊዜ አለ። ስለዚህ ትልቅ ውድድር ሲቃረብ፣ ገንዘብ ከማውጣታችሁ በፊት የአገር ውስጥ ጣቢያዎችን ማስታወቂያ ተከታተሉ። ለአንድ ወር ውድድር ብላችሁ ዲኮደር ገዝታችሁ ጎረቤት በነጻ ሲያየው ያናድዳል።

ስልክ። ለወጣቱ ይህ ቀላሉ ይመስላል፣ ነው ግን በሁኔታ። የዲኤስቲቪ ደንበኛ ከሆናችሁ በራሱ መተግበሪያ በስልክ ማየት ትችላላችሁ፣ ሥራ ቦታ ወይም መንገድ ላይ ላለ ሰው ጥሩ ነው። አንድ ጨዋታ ከእረፍቱ ጋር ወደ ሁለት ሰዓት ይሄዳል። በዝቅተኛ ጥራት ከ1 እስከ 2 ጊጋባይት፣ በኤችዲ ደግሞ ከ4 እስከ 6 ጊጋባይት ገደማ ይበላል። የዳታ ጥቅላችሁን ዋጋ በዚህ ቁጥር ምቱት። የሌሊት ጥቅል የምትገዙ ከሆነ ሰዓቱን እዩ። የሻምፒዮንስ ሊግ ዋናዎቹ ጨዋታዎች በአውሮፓ ክረምት በእኛ 5 ሰዓት ማታ ነው የሚጀምሩት፣ ሰዓታቸው ሲቀየር ደግሞ 4 ሰዓት ላይ። ጥቅሉ በመካከል የሚከፈት ወይም የሚዘጋ ከሆነ ከዋናው ሒሳባችሁ ይቆርጣል።

ሌላው ነገር በስልክ የሚመጣው ስርጭት ከሳተላይቱ ወደ ኋላ ይዘገያል። ሰፈሩ «ጎል!» ብሎ ሲጮህ እናንተ ገና ኳሱ መሐል ሜዳ ላይ ነው። ይህን የሚጠላ ሰው ይጠላዋል።

በቴሌግራም የሚለቀቁትን ሊንኮች ግን ተዉአቸው። አንድ ጊዜ ስትነኩት ሦስት ገጽ ይከፍታል፣ አንዱ የውርርድ ማስታወቂያ፣ አንዱ ጸያፍ ነገር፣ ሌላው «መተግበሪያ ጫን» ይላል። ያ መተግበሪያ የባንክ መልእክታችሁን የሚያነብ ሊሆን ይችላል። ገንዘባችን በሙሉ ስልካችን ውስጥ ባለበት ዘመን ለ90 ደቂቃ ብላችሁ ይህን አደጋ አትግዙ። ነጻና ሕጋዊ የሆነም አልፎ አልፎ ይገኛል። የ2025ቱን የክለቦች ዓለም ዋንጫ ዳዞን የተባለው የኢንተርኔት ስፖርት ማሰራጫ 63ቱንም ጨዋታ ተመዝግቦ ለገባ ሁሉ በነጻ አሳይቷል። እንዲህ ያለው ሲመጣ አስቀድማችሁ ተመዝገቡ።

ሬዲዮንም አትናቁ። አባቴ መብራት ሲጠፋ ትንሿን ሬዲዮ ያወጣል። በአዲስ አበባ ኤፍኤም ጣቢያዎች ላይ የስፖርት ሰዓት ሞልቷል፣ ውጤት ለመከታተል ከሁሉም ርካሹ ነው። ዳታ አይበላም፣ ድንጋይ ብቻ ነው የሚፈልገው።

ውጭ ላላችሁ ባጭሩ። አሜሪካ ያላችሁ ፕሪሚየር ሊጉን በኤንቢሲ፣ በዩኤስኤ ኔትወርክና በፒኮክ ነው የምታገኙት፣ ሻምፒዮንስ ሊጉን በፓራማውንት ፕላስ። ሁለቱንም ከመያዛችሁ በፊት የትኛውን ይበልጥ እንደምታዩ አስቡ፣ ክለባችሁ አውሮፓ ላይ ካልገባ አንዱ ይበቃችኋል። እንግሊዝ ያላችሁ በስካይና በቲኤንቲ ስፖርትስ ተከፋፍሎባችኋል፣ ከ380ው ጨዋታ ደግሞ ከ100 በላይ የሚሆነው በቀጥታ አይታይም። በዓረብ አገር ያላችሁ እህቶችና ወንድሞች ሁለቱንም በቤን ስፖርት ታገኛላችሁ። ለብዙዎቻችሁ ብቻችሁን መክፈል ስለሚከብድ አብራችሁ የምትኖሩ ከሆነ አንድ ምዝገባ ለአንድ ቤት ብሎ ማዋጣት የተለመደ ነው።

እኛ ቤት በመጨረሻ የሆነው ይህ ነው። ከነሐሴ እስከ ግንቦት ዲኤስቲቪ እንከፍላለን፣ እኔና እህቴ እናዋጣለን። ሰኔ ላይ እናቆማለን። ለትልልቆቹ ጨዋታዎች እኔ አንዳንዴ ከጓደኞቼ ጋር ኳስ ቤት እሄዳለሁ፣ አባቴ ይቆጣኛል፣ «ቤት እያለልህ» ይለኛል። ቅዳሜ ምሽት ግን ጎረቤታችን ጋሽ ተስፋዬም ይመጣሉ። እናቴ ቡና ታፈላለች፣ ሁለቱ ሽማግሌዎች ከኮሜንታተሩ ጋር ይከራከራሉ። ባለፈው ሳምንት ዝናቡ መጥቶ ኢ48 አለ። አባቴ ሪሞቱን አስቀምጦ ሬዲዮኗን አነሳ።